ዝምታዬ ስልት ነው ወይስ ፍርሃት?

ጥያቄ፦

ጤና ይስጥልኝ። የ36 ዓመት ሴት ነኝ፤ ለፊልምና ለቴሌቪዥን መጻፍ ከጀመርኩ 11 ዓመት ሆነኝ። የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ያሳለፍኩት አጫጭር ፊልሞች በመጻፍ ነው። ሰው ያወቀኝ በአንደኛው ነበር፤ 18 ደቂቃ ይረዝማል፣ ንግግር የለበትም ማለት ይቻላል። ከዚያ ወዲህ በሄድኩበት ሁሉ «ዝምተኛዋ ጸሐፊ» እባላለሁ። ኑሮ ግን በዝምታ አይገፋምና ላለፉት አምስት ዓመታት በአንድ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ የጸሐፊዎች ቡድን ውስጥ ስሠራ ቆየሁ። እዚያ የምጽፈው በዋናዋ ጸሐፊ ድምፅ ነው፤ ገጸ ባሕርያቱ አፋቸውን አይከድኑም። ሥራውን አልጠላሁትም። በሰዓቱ አስረክባለሁ፣ ይወዱልኛልም።

በእነዚሁ ዓመታት ሌሊት ሌሊት የራሴን ረጅም ፊልም ጻፍኩ። 104 ገጽ ነው። እናት ከሞተች በኋላ አባትና ልጅ ቤቱን ለመልቀቅ ዕቃ ሲሸክፉ የሚያሳልፏቸውን አራት ቀናት ይተርካል። ገጽ 61 ላይ አባትየው መሳቢያ ሲከፍት የሚስቱን መነጽር ያገኛል። አንድ ቃል አይተነፍስም። በሸሚዙ ጫፍ ይወለውለዋል፣ ማኅደሩ ውስጥ ይከተዋል፣ መሳቢያውን መልሶ ይዘጋዋል። ፊልሙን በሙሉ የጻፍኩት ለዚያች ትዕይንት ብዬ ነው ብል አልዋሸሁም።

አንድ ዳይሬክተር ስክሪፕቱን አንብቦ ወደደው፤ ፕሮዲዩሰርም አገኘለት። ነገር ግን ሁለቱም «አባትየው እዚህ ቦታ ላይ መናገር አለበት፤ የዛሬ ተመልካች በአንድ ዓይኑ ስልኩን እያየ ነው» አሉኝ። ዳይሬክተሩ ንግግሩን ራሱ ጽፎ ላከልኝ፦ «ሁልጊዜ እወድሽ ነበር፤ ነግሬሽ ግን አላውቅም።» በ12 ትዕይንቶች ላይ እንዲህ ያለ ንግግር ጨምሯል። በዚህም ምክንያት ስሙ በደራሲነት ከስሜ ጎን እንዲሰፍር ይፈልጋል። በሌላ በኩል የተከታታዩ ድራማ ዋና ጸሐፊ ልትለቅ ስለሆነ ቦታዋን በሁለት ዓመት ውል እንድይዝ ተጠይቄያለሁ። መልስ ለመስጠት ሦስት ሳምንት ቀርቶኛል።

እንቅልፍ የነሳኝ ግን ሌላ ነገር ነው። በቡድኑ ውስጥ ያለ፣ የማከብረው ባልደረባዬ ስክሪፕቱን አንብቦ «ይህ ስልት አይደለም፣ ፍርሃት ነው። ሰው እውነቱን ሲናገር መጻፍ ስለምትፈሪ ዝም ታሰኛቸዋለሽ» አለኝ። እውነቱን ይሆን? ፊልሙን ልስጥ ወይስ ልያዘው? የቱን ሥራ ልምረጥ?

ገጽ 61 ላይ የቆምኩት

መልስ፦

ውድ እህቴ፣

ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። በመጀመሪያው ንባብ በዳይሬክተሩ ተናደድኩ፤ በሁለተኛው በባልደረባሽ። አሳድሬ ስመለስበት ግን ሁለቱም ስክሪፕትሽን ሲያነቡ አንድ ቦታ ላይ እንደተቸገሩ፣ ችግራቸውንም በየራሳቸው ቋንቋ እንደነገሩሽ ገባኝ። በትክክል ተናግረውታል ወይ የሚለው ሌላ ጉዳይ ነው። እንቅልፍ ከነሳሽ ነገር ልጀምር፤ ሌላው እርሱን ተከትሎ ይመጣል።

የባልደረባሽ ቃል የጎዳሽ አንቺም ያንኑ ጥያቄ ለራስሽ አቅርበሽ ስለምታውቂ ይመስለኛል። ጨርሶ የማይመለከተን ነቀፋ ያናድደናል እንጂ እንቅልፍ አይነሳንም። ይሁንና ክሱ እንዳለ የሚቆም አይደለም። ንግግር መጻፍ የሚፈራ ሰው አምስት ዓመት ሙሉ ንግግር ጽፎ በሰዓቱ አያስረክብም፤ የዋና ጸሐፊነት ወንበርም አይቀርብለትም። ሰው ማናገር ታውቂበታለሽ። ልዩነቱ፣ እዚያ የምታናግሪያቸው ሰዎች የሌላ ሰው ልጆች መሆናቸው ነው። ቢዋሹም ቢያለቃቅሱም ኃላፊነቱ ያንቺ አይደለም። እኚህ አባትና ይህች ልጅ ግን ካንቺ የወጡ ናቸው። እንግዲህ ፍርሃት ካለ፣ የፈራሽው ንግግርን ሳይሆን እነዚህ ሁለት ሰዎች አፋቸውን ቢከፍቱ የሚሉትን ሊሆን ይችላል። ያ መነጽር የማን ነበር? ለእኔ መመለስ የለብሽም።

አንድ ሌላ ጥያቄ ግን ብትመልሽልኝ ደስ ይለኛል። አባትየው ገጽ 61 ላይ ዝም ያለው ከመጀመሪያው ረቂቅ ጀምሮ ነው፣ ወይስ አናግረሽው ኋላ ሰርዘሽበት? ወረቀቱ ላይ ሁለቱም አንድ ዓይነት ናቸው፤ ልዩነታቸውን የምታውቂው አንቺ ብቻ ነሽ። ተናግሮ የተሰረዘበት ሰው ዝም ሲል የሚያፍነው ነገር አለው። አንድም ቀን ያልተናገረ ሰው ግን ባዶ አፉን ይዞ ሊቆም ይችላል። ያን ጊዜ ተዋናዩ ካሜራ ፊት ይጋለጣል፤ ምን እንደሚውጥ አያውቅምና ፊቱን ያኮሳትራል፣ ወይም አርቆ ያያል። አርቀው የሚያዩ ተዋንያን ስንት ፊልም እንዳበላሹ አንቺም ታውቂያለሽ።

ስለዚህ በዚህ ሳምንት አንድ ምሽት ተቀመጪና አባትየውን አራት ገጽ ሙሉ አናግሪው። ማንም አያየውም። ፍቅሩን ብቻ አይደለም የሚናገረው፤ አስቀያሚውንም ይናገር። መነጽሯን በየአልጋው ላይ ጥላ ስትሄድ እንዴት ያበሳጨው እንደነበር፣ አንድ ቀን ተቀምጦበት ሰብሮት «አላየሁትም» ብሎ እንደካደ፣ ከሞተች በኋላ የመጀመሪያውን ሌሊት በእፎይታ እንደተኛና በዚህም እንዳፈረ። አንቺ የምታውቂውን ይበል። ከዚያ ፋይሉን ዝጊና ሦስት ቀን አትክፈቺው። ስትመለሺ አራቱንም ገጽ ያለ ጸጸት መጣል ከቻልሽ ዝምታውን መርጠሽዋል ማለት ነው፤ ባልደረባሽ ተሳስቷል። አንዲት ዓረፍተ ነገር አልጣልም ብላ እጅሽን ከያዘችሽ ደግሞ እርሷን አትጣያት። ባልደረባሽ በአንዲት ዓረፍተ ነገር ያህል ልክ ነበር፤ አመስግኚው።

አሁን ወደ ዳይሬክተሩ። የጻፈው ንግግር ደካማ ነው፣ ይህን አልሸፋፍንልሽም። «ሁልጊዜ እወድሽ ነበር፤ ነግሬሽ ግን አላውቅም» የሚለው ፊልሙን ያየ ሰው ከአዳራሽ ሲወጣ ለጓደኛው የሚለው ነው፤ መሳቢያ የከፈተ ሰው እንዲህ አይናገርም። ግን ዳይሬክተሩ ይህን ለምን ጻፈ? በገጽ 61 ላይ አባትየው ምን እንደተሰማው እርግጠኛ ስላልነበረ ነው። ረቂቅ ስታነቢ ዓመታት ካሳለፍሽ አንድ ነገር ትገነዘቢያለሽ፤ አንባቢ «እዚህ ጋ ችግር አለ» ሲል ብዙ ጊዜ ችግሩ ያለው ከዚያ 20 ወይም 40 ገጽ ቀደም ብሎ ነው። እስቲ ወደ ኋላ ተመለሺ። መነጽሩን ከገጽ 61 በፊት አይተነው እናውቃለን? እናትየው በፎቶግራፍ ላይ አድርጋዋለች? አባትየው ከዚያ በፊት ለመናገር ሞክሮ ሲያቅተው አይተናል? እነዚህ ከሌሉ ተመልካቹ መሳቢያው ውስጥ የሚያየው የማንም ሊሆን የሚችል መነጽር ነው። ያን ጊዜ ዳይሬክተሩ ክፍተቱን በንግግር ለመድፈን መሞከሩ ብዙም አይገርምም።

ሌላም ነገር አለ፣ እርሱ ደግሞ የወረቀት ጉዳይ ነው። በሙያው የተለመደው ስሌት አንድ ገጽ ወደ አንድ ደቂቃ ይጠጋል የሚል ነው፤ ያንቺ 104 ገጽ ለፕሮዲዩሰሩ 104 ደቂቃ ነው። የመነጽሩን ትዕይንት ለእኔ በጻፍሽልኝ መንገድ ስክሪፕቱም ላይ ከጻፍሽው ሦስት መስመር ነው የሚፈጀው። በስክሪን ላይ ግን ሁለት ደቂቃ ሊሄድ ይችላል። ፕሮዲዩሰሩ ሦስት መስመሩን በአራት ሰከንድ አንብቦ «እዚህ ምንም አልሆነም» ብሎ ያልፋል። ዝምታ የሚጽፍ ሰው ለዝምታው ቦታ መስጠት አለበት። አንዱን ድርጊት ካንዱ ለይተሽ በየራሱ መስመር ብታወርጂው የአንባቢው ዓይን ቀስ ይላል። ለምሳሌ ያህል እንዲህ፦

መሳቢያው ግማሽ ድረስ ይወጣና ይያዛል።

አባት ነቅነቅ አድርጎ ይስበዋል።

መነጽር። ጆሮ ላይ የሚያርፈው አንደኛው ዘንጉ በጥቁር ክር ተጠምጥሞ ታስሯል።

አባት የክሩን ቋጠሮ በአውራ ጣቱ ይዳስሳል። አልላላም።

ይኸው ነው። ክሩን ማን እንዳሰረው አልተናገርንም፤ ግን ቋጠሮውን የሚፈትሸው ያሰረው ሰው ነው። ዳይሬክተሩ በንግግር የጻፈው ነገር እዚህ አለ፣ ማንም አፉን ሳይከፍት። ይህን ያመጣሁልሽ እንድትወስጂው አይደለም፤ ያንቺን ቤት ዕቃ የምታውቂው አንቺ ነሽ። ለማለት የፈለግሁት፣ ስልትሽ የንግግር አለመኖር ነው ብለሽ ካመንሽ ሰው አንዲት ቃል በጨመረ ቁጥር የተዘረፍሽ ይመስልሻል። እኔ ከደብዳቤሽ እንዳየሁት ግን ያንቺ ስልት ነገርን በዕቃ በኩል ማየት ነው። መነጽር፣ የሸሚዝ ጫፍ፣ ማኅደር፣ መሳቢያ፤ በአንድ አንቀጽ አራቱን ደርድረሻቸዋል። ይህ ዓይን ሰዎች እያወሩም አብሮሽ ይኖራል። አባትየው ስለ መብራት ክፍያ እያወራ ቋጠሮውን መዳሰስ ይችላል፤ እንዲያውም ያ ከዝምታው ይልቅ ሊያም ይችላል።

ዳይሬክተሩን አግኚው፣ ስክሪፕቱን ሳትይዢ። «እዚህ ላይ ተመልካቹ ምን እንዲሰማው ነው የፈለግኸው?» ብለሽ ጠይቂውና እስኪጨርስ አዳምጪው። ከ12ቱ ጭማሪዎች የትኞቹን ሊተው እንደሚችል ይንገርሽ፤ አንቺም የትኞቹን ልትቀበዪ እንደምትችዪ ቀድመሽ ለይተሽ ሂጂ። ሁሉንም እምቢ ብለሽ ከገባሽ ሁሉንም ይይዛል። ከተቻለ ሁለት ተዋንያን ጠርታችሁ ገጽ 61ን ጮክ ብላችሁ አስነብቡት፣ አንዴ ከንግግሩ ጋር፣ አንዴ ያለ ንግግሩ። በጠረጴዛ ዙሪያ አፍ የሚያስከፍት ክርክር፣ ተዋናይ ቃሉን አፉ ውስጥ ሲያስገባው ብዙ ጊዜ በራሱ ያልቃል።

እኔ ራሴ ድሮ ለሬዲዮ ድራማ እጽፍ ነበር። በሬዲዮ ዝምታ ማለት ብልሽት ነው፤ ከአምስት ሰከንድ ካለፈ ቴክኒሻኑ ይደነግጣል። አንድ ጊዜ በጻፍኩት ድራማ መጨረሻ ላይ ያልጻፍኩት የይቅርታ ንግግር ተጨምሮ ሲተላለፍ እቤቴ ቁጭ ብዬ ሰማሁ። ለሳምንት ያህል ሬዲዮ አልከፈትኩም። ዛሬ ሳስበው የተቆጨሁት በንግግሩ አይደለም፣ ምንም ሳልጠየቅ በመደረጉ ነው። አንቺ ተጠይቀሻል። ንግግሩ ቀድሞ ተልኮልሻል። ይህ ቀላል ነገር አይደለም፤ ሰውየው ላይ በር አትዝጊ።

የስሙን ጉዳይ በተመለከተ ግን ጠንከር በዪ። ከዳይሬክተር ጋር መጻፍ በራሱ የሚያሳፍር ነገር የለውም። ጃፓናዊው ሺኖቡ ሃሺሞቶ ከአንድ የደራሲው የአኩታጋዋ አጭር ልብ ወለድ ተነሥቶ የጻፈውን ስክሪፕት ለዳይሬክተሩ ለኩሮሳዋ ሲሰጠው ለሙሉ ፊልም አጠረ፤ ከዚያው ደራሲ ሁለተኛ ታሪክ ተጨምሮ ማቀፊያ ሆነለት፣ ስክሪፕቱንም ኩሮሳዋ እንደገና ጻፈው። በ1950 እ.ኤ.አ. የወጣው ፊልም «ራሾሞን» የሁለቱንም ስም የያዘው በዚህ ምክንያት ነው። ኩሮሳዋ የሠራው የታሪኩን አጥንት ነው። ያንቺ ዳይሬክተር ምን ሠራ? ቁጠሪው፤ በ12ቱ ትዕይንቶች የጨመራቸው መስመሮች ተደምረው ስንት ገጽ ይሆናሉ? ለማነጻጸር ያህል፣ በአሜሪካ የጸሐፊዎች ማኅበር ደንብ መሠረት የሌላ ሰው ኦሪጅናል ስክሪፕት ላይ በኋላ የገባ ጸሐፊ የስክሪፕት ደራሲነት ስም የሚያገኘው ከመጨረሻው ጽሑፍ 50 በመቶ ያህሉ የእርሱ ሲሆን ነው። ያ ደንብ አንቺን አይገዛሽ ይሆናል፤ ግን ሰዎች ይህን ያህል ከፍ ያለ መስፈርት ያወጡት ያለ ምክንያት እንዳልሆነ ለድርድሩ ይዘሽው ግቢ።

ስም «በኋላ ይስተካከላል» ተብሎ የሚተው ነገርም አይደለም። አሜሪካዊው የስክሪፕት ጸሐፊ ዳልተን ትራምቦ በፖለቲካ ምክንያት ሥራ እንዳይሰጣቸው በተከለከሉ ሰዎች ጥቁር መዝገብ ላይ ስለነበረ በ1953 እ.ኤ.አ. የወጣው ፊልሙ «ሮማን ሆሊደይ» የጓደኛውን የኢያን መክሌላን ሃንተርን ስም ይዞ ወጣ፤ ለታሪኩ የተሰጠውንም ኦስካር የተሸለመው ሃንተር ነው። የጸሐፊዎች ማኅበሩ የትራምቦን ስም በስክሪፕት ደራሲነት የመለሰለት በ2011 እ.ኤ.አ. ነው። ሰውየው ከሞተ 35 ዓመት ሆኖት ነበር። ያንቺ ሁኔታ ከዚያ ጋር አይወዳደርም፣ አውቃለሁ። ቢሆንም ከመፈረምሽ በፊት ስምሽ እንዴት እንደሚጻፍ በቃል በቃሉ በውሉ ውስጥ ይስፈር።

ልስጥ ወይስ ልያዘው ላልሽው፣ በሁለቱ መካከል ሦስተኛ መንገድ አለ። ስክሪፕቱን አሁኑኑ ጨርሰሽ ከመሸጥ፣ ለተወሰነ ጊዜ ብቻ፣ 12 ወይም 18 ወር ቢሆን፣ የመግዣ ቅድሚያ መብት በክፍያ ስጫቸው። በዚያ ጊዜ ውስጥ ፊልሙ ካልተጀመረ መብቱ ወዳንቺ ይመለስ። የመጀመሪያው የማሻሻያ ሥራ ያንቺ ይሁን፤ ስንት ጊዜ እንደምታሻሽዪና ለእያንዳንዱ ስንት እንደሚከፈልሽ ይጻፍ። የራስሽን ረቂቆች በቀን ለይተሽ አስቀምጪ፤ እርሱ የላከልሽን ካንቺው ጋር አትቀላቅዪው። ውሉንም የቅጂ መብት የሚያውቅ ጠበቃ ያንብብልሽ። የዘመድ ጠበቃ ሳይሆን፣ ይህን ሥራ የሚያውቅ።

ስለ ተከታታዩ ድራማ ብዙ የምለው የለኝም። ከፊልሙ ያነሰ ሥራ አድርገሽ አትዪው ብቻ። አሜሪካዊው ጸሐፊ ፓዲ ቻየፍስኪ «ማርቲ» የተባለውን ድራማ በመጀመሪያ የጻፈው በ1953 እ.ኤ.አ. ለቴሌቪዥን ነው፤ ከሁለት ዓመት በኋላ ፊልም ሲሆን ኦስካር አስገኘለት። እስከ ዛሬ በሌላ ሰው ድምፅ ስትጽፊ ኖረሻል፤ ዋና ጸሐፊ ስትሆኚ ድምፁን የምትወስኚው አንቺ ነሽ፤ ያ ደግሞ ሌላ ሥራ ነው። የሚያሳስበኝ ሌሊቱ ነው። ዋና ጸሐፊ ሌሊት የለውም፤ የሌሎችን ረቂቅ ሲጠግን ይነጋበታል። ያንቺ 104 ገጽ ደግሞ የተጻፈው በሌሊት ነው። እኔ ብሆን ሁለት ነገር እጠይቅ ነበር፦ ውሉ አንድ ዓመት እንዲሆን፣ እንዲሁም ለሌላ ፊልም መጻፍን የሚከለክል አንቀጽ እንዳይኖረው። ሁለቱንም ከከለከሉሽ መልሱን ራሳቸው ሰጥተውሻል። አንዱን ከሰጡሽ ደግሞ ኑሮሽን፣ ዕዳሽንና ጤናሽን አይተሽ የምትወስኚው ነው፤ ያን ከዚህ ሆኜ ማየት አልችልም።

ሦስቱን ሳምንት አብቃቂው። በመጀመሪያው አራቱን ገጽ ጻፊ፣ በሁለተኛው ዳይሬክተሩን አግኚ፣ ለድራማው መልስ የምትሰጪው ከዚያ በኋላ ይሁን። የፊልሙን ዕጣ ሳታውቂ ለሁለት ዓመት መፈረም ዓይን ጨፍኖ እንደመግዛት ነው።

አንድ ነገር ረስቼ ነበር። ደብዳቤሽን ለሦስተኛ ጊዜ ሳየው ነው ያስተዋልኩት፤ ፊልሙ ስለ አባትና ልጅ ነው ብለሽኛል፤ መሳቢያው ሲከፈት ግን አባትየውን ብቻ ነው ያሳየሽኝ። በዚያች ሰዓት ልጅቷ የት ነበረች? ሌላ ክፍል ካርቶን እያሸገች ከሆነ ዝምታውን የሚሰማው ተመልካቹ ብቻ ነው። በሩ ላይ ቆማ አይታው፣ እንዳላየች ሆና ከተመለሰች ግን ከገጽ 62 ጀምሮ ያለው ሁሉ ይለወጣል። ጻፊልኝ።